በልደት ሰሞን የከፈትናቸው ክፍሎች

ጡረታ የወጣሁ ዕለት ዲናችን ጋቢ ደረቡልኝና፣ «እንግዲህ እትዬ ትርንጎ፣ ከአዋጅና ከመመሪያ ጋር የነበረዎ ሙግት እዚህ ላይ ያብቃ፤ አሁን ይረፉ» አሉኝ። አዳራሹ ሙሉ ሳቀ። እኔም አብሬ ሳቅሁ። ቤቴ ገብቼ ጋቢውን ሳጥን ላይ ሳስቀምጠው ግን ነገሩ ከነከነኝ። ለምንድን ነው የሚያበቃው? የቅርስ አያያዝ ክፍላችን ዛሬም ለአዲስ ተማሪ ዝግ ነው። የዘጉት ሰዎችም፣ ያስዘጋቸው ሕግም በየቦታቸው አሉ። ያረጀሁት እኔ ብቻ ነኝ፤ እሱም ቢሆን ጉልበቴ እንጂ ምላሴ አይደለም። ስለዚህ ማረፉን ለሌላ ጊዜ ትቼ ነገሩን ከሥሩ ልጻፈው ብዬ ተነሣሁ።

እኔ ላሊበላ ባለች አንዲት ትንሽ የመንግሥት ኮሌጅ የሬጅስትራር ኃላፊ ነበርሁ። ሬጅስትራር ሲባል ሰው የሚመስለው ስም መዝግቦ፣ ውጤት ሞልቶ፣ በመጨረሻ ዲግሪ ላይ ማህተም የሚመታ ቢሮ ነው። ልክ ነው፤ እሱንም እንሠራለን። ዋናው ሥራ ግን ሌላ ነው። ስለ ከፍተኛ ትምህርት አገሩ ላይ የሚወጣ ሕግ ሁሉ፣ በጀት የሚቆርጠውም፣ ክፍል የሚያጥፈውም፣ ፈተና የሚጨምረውም፣ ተማሪው ዘንድ የሚደርሰው በሬጅስትራሩ መስኮት በኩል ነው። አዲስ አበባ ላይ እጅ ወጥቶ የጸደቀውን ነገር ለገበሬ ልጅ በሚገባው ቋንቋ የምነግረው እኔ ነኝ። የወጪ መጋራት ውል የመጣ ጊዜ፣ ያ መንግሥት ያስተማረበትን ተማሪው ሥራ ሲይዝ መልሶ እንዲከፍል የሚያስፈርመው ማለቴ ነው፣ ከይምርሐነ ክርስቶስ ወዲያ ካለ ቀበሌ ልጁን ይዞ የመጣ አንድ አባት መስኮቴ ላይ ቆሞ፣ «ልጄ ዲግሪ ሳትጨብጥ ዕዳ ልታስጨብጧት ነው?» አለኝ። ሕጉን ያረቀቁት ሰዎች ይህን ጥያቄ አልሰሙም። የሰማሁት እኔ ነኝ።

ሥራ የጀመርሁት ጋሸና ትምህርት ቤት በጸሐፊነት ነው። ከዚያ ሙጃ ወረዳ ተዛወርሁ፤ ብርዱ ጣቴን እያደነዘዘው የታይፕ ፊደል እየሳትሁ፣ በጓንት ልጻፍ ብዬ የባሰ እየሳትሁ ጥቂት ዓመት ቆየሁ። ኮሌጁ ሲከፈት ወደ ላሊበላ መጣሁ። ስለ ደመወዝ አላነሣም፤ ባነሣው የሚጨምረው ደም ግፊቴ ነው።

ሥራውን ያስተማሩኝ ጋሽ ይመር ናቸው። ከእኔ በፊት የሬጅስትራር ኃላፊ የነበሩ፣ ጋሸና መኪኖች በሚቆሙበት መገንጠያ ላይ ወላጆቻቸው ምግብ ቤት የነበራቸው፣ ረጅምና ቀጭን ሙስሊም ሰው ናቸው። የተማሪ ፋይል ከመክፈታቸው በፊት እጃቸውን ይታጠባሉ። አዲስ አዋጅ ሲደርሳቸው ደግሞ ቆመው፣ ጮክ ብለው፣ ከመጨረሻው ገጽ ጀምረው ወደ ፊት ያነባሉ። ለምን ይቆማሉ ብዬ ብጠይቃቸው፣ «ተቀምጬ ካነበብሁትማ እንቅልፍ ይዞኝ ይሄዳል» አሉ። ለምን ከመጨረሻው ስል ግን ቀልድ አልነበረም። «ፊቱ ላይ ያለው ጌጥ ነው ትርንጎ። ዓላማ፣ ራእይ፣ ምናምን። ምን እንደተሻረ፣ ማን እንደተረፈ፣ ከመቼ ጀምሮ እንደሚጸና የሚነግርሽ ጭራው ነው። ተማሪ የሚያተርፍ ቃል ካለ እዚያ ተሸጉጦ ታገኚዋለሽ፤ ከሌለም አለመኖሩን ቶሎ ታውቂያለሽ።»

ሌላም ልማድ ነበራቸው። ተማሪ ሲመዘግቡ ከስሙ ቀጥሎ የሚጠይቁት «በየት መንገድ መጣህ? በየት መንገድ መጣሽ?» ብለው ነው። ቅጹ ላይ እንዲህ ያለ ጥያቄ የለም። መጀመሪያ ጨዋታ መስሎኝ ነበር። በኋላ ስረዳው ግን የትኛው ተማሪ ክረምት ወንዝ እንደሚይዘው፣ የትኛዋ ስንቅ ልታመጣ ሄዳ በምን ቀን እንደምትመለስ፣ ማን ከዘመድ ቤት ማን ከኪራይ ቤት እንደሚያድር በዚያች ጥያቄ ያውቁ ነበር። የትምህርት ካላንደር ሲያወጡም ያንን መንገድ ሁሉ በልባቸው ይዘው ነው። ጡረታ ወጥተው ጋሸና ሲገቡ ቁልፋቸውን ሰጡኝ፤ ጥያቄያቸውንም ወረስሁት።

ከእሳቸው የወረስሁት ሌላው ነገር የልደት ወግ ነው።

ላሊበላን ለማያውቅ ልንገረው። ልደት ሲቃረብ ከአገሩ ሁሉ ሕዝብ ይመጣል። ብዙው በእግሩ ነው። ሳምንት ሁለት ሳምንት ተጉዞ፣ እግሩ ተሰነጣጥቆ፣ ደጃችን ላይ ይደርሳል። ከተማው ደግሞ ይቀበላል። ሰፊ ቤት ያለው ቤቱን ይለቃል፤ የሌለው ግቢውን። እግር ይታጠባል፤ ጾም ስለሆነ ንፍሮውና ሽሮው ይቀርባል። ይህን «የበጎ አድራጎት ሥራ» ብሎ የሚጠራው ሰው የለም፤ የሚደረግ ነገር ስለሆነ ይደረጋል። ኮሌጁም ከተከፈተ ጀምሮ የበዓሉን ሰሞን ትምህርት አቁሞ ክፍሎቹን ለእንግዳ ይከፍት ነበር፤ የታጎለውን ቅዳሜ ቅዳሜ አስተምረን እናካክሳለን። ሥርዓቱን ያወጡት ጋሽ ይመር ናቸው። ወንበሩ ከግድግዳ ጋር ይደረደራል፤ ላብራቶሪው ይቆለፋል፤ ሰሌን ይነጠፋል፤ ውኃው በጀሪካን ተሞልቶ ያድራል። «የእኔ በዓል አይደለም ብዬ በር ብዘጋ ጎረቤቶቼን በምን ዓይኔ አያቸዋለሁ?» ይሉ ነበር።

እንዲህ ሆነን ስንኖር አዲሱ አዋጅ ወጣ። ባጭሩ ልንገራችሁ። ከዚያ በፊት በጀት የሚመጣው ለኮሌጁ ነበር። አዲሱ ሕግ በጀቱን ከእውቅና ጋር አሰረው። የጥራት መርማሪዎች ያላጸደቁት የትምህርት ክፍል አዲስ ተማሪ አይቀበልም፣ በጀት አይመደብለትም፤ ያሉት ተማሪዎችም ወደ ሌላ ትልቅ ተቋም ይጠቃለላሉ። ጥራት መጠየቁን አልቃወምም። ማንም እየመጣ ዲግሪ የሚሸጥበት አገር እንዲሆን የምፈልግ ሰው አይደለሁም። የምቃወመው መለኪያውን ነው። ያው ሜትር ለትልቅ ከተማ ዩኒቨርሲቲም፣ መንገድ በተዘጋባቸው ዓመታት ወረቀት አጥታ በአሮጌ ፈተና ጀርባ ላይ ፈተና ላተመች ኮሌጅም ተዘረጋ።

መርማሪዎቹ የመጡት የልደት ሰሞን ነው። ሳይነግሩ መምጣት ሥራቸው ነው፤ ይሁን። ግን ላሊበላ በልደት ሰሞን አልጋ ይገኛል ብሎ የሚመጣ ሰው ካላንደር የለውም እንዴ? ከሰዓት በኋላ በጋሸና በኩል አቧራ ለብሰው ገቡ። የቡድኑ መሪ አቶ ታደለ ይባላሉ፤ ደልደል ያሉ፣ ጨዋ፣ ድምፃቸው ዝግ ያለ ሰው ናቸው። ግቢው በነጭ ልብስ ተሞልቶ ሲያዩ ቆም አሉ።

«ኮሌጁ የት ነው?» አሉኝ።

«ይኸው፣ የቆሙበት ነው» አልኋቸው።

መታወቂያቸውን አሳዩኝ። ሆቴል ሁሉ ዞረው አልጋ እንዳጡ ሹፌራቸው ሹክ አለኝ። ምን ይደረግ? ክፍሎቹ ሞልተዋል። የቀረው ላይብረሪው ነበር። ጠረጴዛዎቹን ገፋ አድርገን፣ ከየቤታችን ፍራሽ አምጥተን፣ እዚያ አስተኛናቸው። ሳፋ አቅርቤ እግራቸውንም አጠብሁ። አቶ ታደለ እግራቸውን ሊሸሽጉ ሲሉ፣ «ይተዉ፤ ዛሬ እንግዳ ነዎት፤ መርማሪነቱ ለነገ ይደርሳል» አልኋቸው። ዓይናቸው እንባ አቀረረ። ይህን በዓይኔ አይቻለሁ። በማግስቱ ክፍሎቹን፣ ላብራቶሪውን፣ ፋይሎቹን አዩ፤ አመስግነው ሄዱ።

ሪፖርቱ ሲመጣ ዲኑ ቢሮ ቆሜ አነበብሁት። ስለ ቅርስ አያያዝ ክፍላችን የመምህራን እጥረት አለ ይላል፤ አለ፣ እውነት ነው። ከዚያ ቀጥሎ ግቢው ከመማር ማስተማር ውጭ ለሆነ አገልግሎት ሲውል ተገኝቷል፣ ላይብረሪውም ማደሪያ ሆኗል ይላል። ማደሪያ! ያደረበት ማን ነው? እራሳቸው አይደሉ? ዲኑ «ድምፅዎን ይቀንሱ» እስኪሉኝ ድረስ ጮህሁ። ውሳኔው ደግሞ ቁርጥ ያለ ነበር። ክፍሉ አዲስ ተማሪ አይቀበልም። ያሉት ተማሪዎች በቀጣዩ ዓመት ሩቅ ከተማ ወዳለ ትልቅ ተቋም ይዛወራሉ። አስቡት እንግዲህ። ውቅር ቤተ ክርስቲያናቱ አጠገብ ሆነው ቅርስ አያያዝ የሚማሩ ልጆች፣ አንድ የተፈለፈለ ድንጋይ ወደሌለበት ከተማ ሄደው በስላይድ ሊማሩት ነው።

ውሳኔውን ለተማሪዎቹ የነገርሁት እኔ ነኝ፤ በዚያው በመስኮቴ። አብዛኞቹ ሰምተው ወጡ። ሙሉነሽ ግን ከመስኮቱ አልሄደችም። ሙሉነሽ የሙጃ ልጅ ናት። በልጅነቷ ተድራ፣ ወልዳ፣ ተፋትታ፣ እንደገና ወደ ትምህርት ተመልሳ እዚህ የደረሰች ናት። ሕፃኗን ሰናይትን እናቷ ዘንድ ትታ በየአሥራ አምስት ቀኑ እየሄደች ታያት ነበር።

«እትዬ ትርንጎ፣ እኔ ወዲያ አልሄድም» አለችኝ።

«እንዴት አትሄጂም? ልታቋርጪ ነው?»

«እዚህ ሆኜ እንኳ ስሄድ መጀመሪያ ትሸሸኛለች። አያቷ ቀሚስ ውስጥ ትገባለች። እስክትለምደኝ የምመለስበት ሰዓት ይደርሳል። ዓመት ተለይቻት ብመለስ ማን ልላት ነው? ዲግሪውን ይዤ ሄጄ እናትሽ ነኝ ብዬ ላስረዳት?»

ስድስት ወር ተምራ የምትተው ልጅ አይደለችም፤ ግማሹን ጨርሳለች። ያን ዕለት ይህችን ልጅ ከነዲግሪዋ ከልጇ ሳትርቅ አስመርቃለሁ ብዬ ለራሴ ማልሁ። የሚቀጥለው ሁሉ ከዚያ መሐላ የመጣ ነው።

መጀመሪያ አቤቱታ አቀረብን። ዲኑና እኔ አዲስ አበባ ድረስ ተጉዘን አቤቱታ ሰሚዎቹ ፊት ቀረብን። ሁሉን አዘጋጅቼ ነበር፤ የመምህራን ቅጥር ዕቅድ፣ የቅዳሜ ማካካሻ መርሐ ግብር፣ የተማሪዎች ውጤት። ሰብሳቢው ፋይሉን ሳይገልጡ፣ «ግቢያችሁ ውስጥ ተሳላሚ አድሯል ወይስ አላደረም?» አሉ።

«አድሯል። መርማሪዎችዎም አድረዋል» አልኋቸው።

ዲኑ በክንዳቸው ነኩኝ። ሰብሳቢው ፊታቸው ጠቆረ። «እዚህ የቀረበው የእንግድነት ጉዳይ አይደለም፤ የመመሪያ ጉዳይ ነው» አሉና ወደሚቀጥለው ባለ ጉዳይ አለፉ። አበቃ። የያዝሁትን ሁሉ እንደያዝሁ ወጣሁ። በሥራ ዘመኔ ብዙ ተሸንፌያለሁ፤ እንደዚያ ያለ ግን አላየሁም፤ ሳልናገር ተሸነፍሁ። አዲስ ሊገቡ ተመድበው የነበሩት ልጆች ወደ ሌላ ቦታ ተበተኑ፤ ከእነሱ መካከል ስንቶቹ እንደቀጠሉ እስከ ዛሬ አላወቅሁም። ዛሬም ሳስበው ያመኛል። አንዳንድ ወዳጆቼ «ግቢውን ለእንግዳ ባትከፍቺው ኖሮ» ይሉኛል። እኔ ግን በሩን በመክፈቴ አንድም ቀን አልተጸጸትሁም፤ አልጸጸትምም። ጥፋት ያልሆነውን ጥፋቴ ነው ብዬ የምፈርም ሰው አይደለሁም።

ስንመለስ ጋሸና ላይ ወረድሁና ጋሽ ይመር ቤት ገባሁ። ዲኑን ለብቻቸው ላክኋቸው። ጋሽ ይመር ደጃቸው ላይ ወንበር አውጥተው የሚያልፍ የሚያገድመውን መኪና ያያሉ። ነገሩን ከአፍ እስከ ገደፉ ነገርኋቸው። ዓይናቸውን ከድነው ሰሙ።

«አብሽሪ» አሉ መጀመሪያ። የወሎ ሰው አይዞሽ ሲል እንዲህ ነው የሚል። ከዚያ፣ «ጭራውን አነበብሽው?»

«የአዋጁን ጭራ ደጋግሜ አነበብሁት። ለነባር ተማሪ የሚሆን ነገር የለውም።»

«የመመሪያውንስ?»

«መመሪያውማ አልደረሰንም።»

ዓይናቸውን ገለጡ። «አልደረሳችሁም? ሰብሳቢው የመመሪያ ጉዳይ ነው አላሉሽም? ያላያችሁትን መመሪያ ጣሳችሁ ተብላችሁ ነው የተቀጣችሁት? ወላሂ ትርንጎ፣ ይኼማ ጉድ ነው! ተነሺ። ሻይሽን ጠጪና ነገ በጠዋት ተመለሺ። መመሪያውን ሳትይዢ እንዳትመጪ። አዋጅ ጭራ አለው፤ ደንብም የራሱ ጭራ አለው፤ መመሪያም የራሱ አለው። ተማሪን የሚያተርፈው ነገር ብዙ ጊዜ ትንሿ ላይ ነው የሚገኘው።»

ተመለስሁ። ቢሮው ውስጥ ሰነዱ «ለውስጥ አገልግሎት ነው» ተባልሁ። «እኛ ነን እኮ ውስጡ» አልሁ። ነገ ተመለሺ ተባልሁ፤ ተመለስሁ። ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው ተባልሁ፤ ኮሪደሩ ላይ ተቀመጥሁ። ሹራብ እየሠራሁ ተቀመጥሁ፤ ሰው ሲያልፍ እግዜር ይስጥልኝ እያልሁ ተቀመጥሁ። በመጨረሻ ሹራቡም እኔም ያስጠላናቸው መሰለኝ፣ አንዲት ሠራተኛ ኮፒ አድርጋ ሰጠችኝ። እዚያው ኮሪደሩ ላይ ቆሜ፣ ጮክ ብዬ፣ ከመጨረሻው ገጽ ጀመርሁ።

ነበረ! ከመመሪያው በፊት የተመዘገቡ ተማሪዎች፣ ተቋሙ በዓመት ውስጥ የሚደረገውን ዳግም ምርመራ ካለፈ፣ በጀመሩበት ቦታ እንዲጨርሱ ይፈቅዳል። ወደ ፊት ገጽ ስገልጥ ደግሞ ሌላ አገኘሁ። የማኅበረሰብ አገልግሎት እንደ ማስተማርና እንደ ምርምር ሁሉ የተቋሙ ግዴታ ነው፤ በዓመታዊ ዕቅድ ውስጥ ገብቶ፣ በተቋሙ የመምህራን ጉባኤ፣ በአካዳሚክ ኮሚሽኑ፣ ጸድቆ ሊሠራ ይገባል ይላል። ያን ቀን ኮሪደሩ ላይ የሳቅሁትን ሳቅ ዘበኛው አሁንም ሳያስታውሰው አይቀርም።

የዝውውሩን ትእዛዝ በዚያው አንቀጽ አሳገድን። ሙሉነሽና ጓደኞቿ ለጊዜው ቆዩ። የሚቀረው ዳግም ምርመራው ነበር፤ እሱን ከወደቅን ሁሉም ይሄዳሉ። ዓመቱ ዞሮ ልደት ሲቃረብ ምርመራው ገና አልተደረገም። ዲኑ ጠሩኝ።

«እትዬ ትርንጎ፣ ዘንድሮን ብቻ እንዝጋው። ለልጆቹ ሲባል። አንድ ዓመት ነው፤ እንግዳው ሌላ ቦታ አያጣም።»

ክፉ ሰው አይደሉም፤ ፈርተው ነው። እኔም ፈርቻለሁ። በእኔ እልህ የሙሉነሽ ትምህርት ቢቋረጥ ምን እላለሁ ብዬ እንቅልፍ አጥቻለሁ። ስለዚህ ጉዳዩ የሚነካቸውን ልጆች ልጠይቅ አልሁ። ክፍላቸው ገባሁና አደጋውን ሳልደብቅ ነገርኋቸው። መጀመሪያ የተናገረችው ያችው ሙሉነሽ ናት።

«መምህራችን ቅርስ ማለት ድንጋዩ ብቻ አይደለም፤ ድንጋዩን ብሎ የሚመጣው ሰውና የሚቀበለው ሰው ጭምር ነው ብሎ አስተምሮናል። ፈተናም ላይ እንዲህ ብዬ መልሻለሁ። አሁን በሩን ዘግተን ምን ልንማር ነው?»

መምህራቸው ፈገግ አለ። ከዚያ ተቀምጠን ሠራነው። የልደት መስተንግዶ በኮሌጁ ዓመታዊ ዕቅድ ውስጥ በማኅበረሰብ አገልግሎት ስር ገባ። ለክፍሉ ተማሪዎች ደግሞ የመስክ ልምምድ ሆነ። እያንዳንዱ ተማሪ እንግዳ ይቀበላል፣ እግር ያጥባል፣ እያጠበ ይጠይቃል። ምን እንደሚጠይቁ ሲመክሩ እኔ አንድ ጥያቄ ሰጠኋቸው፤ «በየት መንገድ መጡ?» የጋሽ ይመር ጥያቄ። በየት አለፉ፣ የት አደሩ፣ ማን ተቀበላቸው። ከዚያ የተሳላሚውን መንገድ ሁሉ በካርታ ይሠሩታል። አካዳሚክ ኮሚሽኑ አጸደቀ፤ ዲኑም ደጋግመው አንብበው ፈረሙ። ላይብረሪውን ግን ቆለፍነው። በዚያ ነጥብ ላይ የመርማሪዎቹን አስተያየት ተቀብያለሁ።

አቶ ታደለ መጡ። በልደት ሰሞን፤ በጋሸና በኩል፤ አቧራ ለብሰው። አምና የነቀፉት ነገር መታረሙን ሊያዩ ሆን ብለው ያን ሳምንት እንደመረጡ ገባኝ። ግቢው አምና እንደነበረው በነጭ ልብስ ሞልቷል።

«ደግሞ ከፈታችሁት?» አሉኝ።

«ከፍተነዋል» አልሁ። ዕቅዱን ሰጠኋቸው። ቆመው አነበቡት፤ ፊታቸው ላይ ምንም አላየሁም።

«ማረፊያ አላገኘንም» አሉ ቀስ ብለው። «ላይብረሪው…?»

«ተቆልፏል። ማደሪያ ሆኗል ብለው በጽሑፍ የነቀፉን እርስዎ አይደሉ?»

ሊስቁ ይሁን ሊቆጡ ሳይለይ ወደ ክፍል ገቡ። ተማሪዎች ሳፋ ይዘው ተደርድረዋል። አንድ ባዶ ቦታ ነበርና አቶ ታደለ ተቀመጡ። ፊታቸው ሳፋ የያዘችው ሙሉነሽ ነበረች። አምና በዚያ ሰሞን ሙጃ ልጇ ዘንድ ስለነበረች ማን እንደሆኑ አታውቅም። እኔ በሩ ላይ ቆሜ አያለሁ። ልሂድና ልንገራት አልሁ፤ ደግሞ ተውሁት።

ጫማቸውን አወለቀችላቸው። ውኃውን እያፈሰሰች፣ «አባቴ፣ በየት መንገድ መጡ?» አለቻቸው።

«በጋሸና።»

«ከዚህ በፊት መጥተው ያውቃሉ?»

«አምና መጥቼ ነበር።»

«አምናስ የት አደሩ? ማን ተቀበለዎ?»

ወደ በሩ፣ ወደ እኔ አዩ። ሙሉነሽ እግራቸውን በእጇ እንደያዘች ቀና ብላ ጠበቀች፤ መልሱን መጻፍ አለባት። ክፍሉ በጨዋታና በጸሎት ድምፅ ይንጫጫል።

«እዚሁ» አሉ በመጨረሻ። «እዚሁ ኮሌጅ ውስጥ ነው ያደርሁት። ያቺ በር ላይ የቆመችው ሴትዮ ናት የተቀበለችኝ።»

ሙሉነሽ ዞራ አየችኝና ፈገግ አለች። ከዚያ ፎጣውን አንሥታ እግራቸውን አደረቀችላቸው፤ የነገሯትንም ጻፈች። እሳቸውም ያን ሌሊት ሰሌን ላይ፣ ከሰቆጣ በእግራቸው በመጡ ሽማግሌ አጠገብ ተኙ።

ሪፖርቱ ሲመጣ ግቢው ለተማሪዎች የመስክ ልምምድና ለጸደቀ የማኅበረሰብ አገልግሎት ሲውል ተገኝቷል ይላል። ነባር ተማሪዎች በጀመሩበት ይጨርሱ ይላል። ክፍሉ ለአዲስ ተማሪ ስለመከፈቱ ግን አንድ ቃል የለውም። አቶ ታደለ ያዩትን ጻፉ፤ ከዚያ በላይ ሥልጣን የላቸውም፤ አልቀየምኋቸውም። እኔ የምጣላው ከሕጉ ጋር ነው። ሕጉ ደግሞ ሰው የጻፈው ነው፤ ሰው ሊያሻሽለው ይችላል። እስኪሻሻል ድረስ እጽፋለሁ፣ እጠይቃለሁ፣ ኮሪደር ላይ እቀመጣለሁ። ሹራብ መሥሪያዬን አልሰጠሁም።

ሙሉነሽና ጓደኞቿ የተመረቁት እኔ ጡረታ በወጣሁበት ዓመት ነው። የክፍሉ የመጨረሻ ምሩቃን ናቸው። ስማቸውን ከመድረክ የጠራሁት እኔ ነኝ፤ በሬጅስትራርነቴ የመጨረሻ ሥራዬ እሱ ነበር። ለምርቃቱ ግቢው በገመድ ተከፍሎ፣ ዘበኛው ያለ መጥሪያ ወረቀት ማንም እንዳያልፍ ታዟል። «ሙሉነሽ» ብዬ ስጠራ ከገመዱ ወዲያ፣ ከሰው እግር መካከል፣ አንዲት ትንሽ ልጅ «እማዬ!» ብላ ጮኸች። አያቷን አምልጣ በገመዱ ሥር ሾልካ ወደ መድረኩ ሮጠች። ዘበኛው ደርሶ ያዛት፤ ትእዛዝ ነውና ምን ያድርግ።

ማይክራፎኑ እጄ ላይ ነበር። ሰው ሁሉ ይሰማል።

«ልቀቃት» አልሁት፤ «ትግባ።»